በላዩ የተጻፈበት ከተማ

አንድ ሰው ነበር። ኪሱ ውስጥ ከተማ ይዞ የሚዞር ሰው።

አትሳቁ፤ እውነቴን ነው። አውራ ጣት የምታክል ፍላሽ ነበረችው። ከቁልፍ መያዣው ጋር ተንጠልጥላ ስድስት ዓመት አብራው ኖራለች። በፍላሿ ውስጥ ከተማ አለ። መንገድ ያለው፣ ወንዝ ያለው፣ በወንዙ ላይ ተጀምሮ ያላለቀ ድልድይ ያለው ከተማ።

እናቶቼ ግራ ሲገባችሁ አያለሁ። ወጣቶቹ ግን ገብቷቸዋል፤ ፊታቸው ያስታውቃል። እንግዲህ በአጭሩ ልንገራችሁ። ከተማ የሚሠራበት የኮምፒዩተር ጌም አለ። ቁጭ ስትሉ ባዶ መሬት ይሰጣችኋል። መንገድ ትዘረጋላችሁ፣ ውኃ ትስባላችሁ፣ መብራት ታስገባላችሁ፣ ሰዎች እየመጡ ይሰፍሩላችኋል። በአንድ ቀን አያልቅም። ስለዚህ የደረሳችሁበትን ታስቀምጣላችሁ፤ ልጆቹ «ሴቭ ማድረግ» ይሉታል። በማግስቱ ካቆማችሁበት ትቀጥላላችሁ። ያንን የተቀመጠ ፋይል ወደ ፍላሽ ገልብጣችሁ ከያዛችሁ ደግሞ ኮምፒዩተሩ ቢቃጠል እንኳ ከተማው አይቃጠልም። ሌላ ኮምፒዩተር ላይ ትመልሱታላችሁ፤ እንደነበረ ብድግ ይላል። ይህችን ብቻ ያዙልኝ፤ ሌላው ራሱ ይመጣል።

የሰውየውን ስም አንተነህ እንበለው። የደሴ ልጅ ነው።

እናቱ ገና በልጅነቱ ነው ያረፉት። እሱንና ታናሽ እህቱን ረድኤትን ያሳደጓቸው አባታቸው ናቸው። አባትየው አቶ ይመር የመንገድ ሥራ ፎርማን ነበሩ። ከግሬደር ድምፅ በላይ ሲጮሁ የኖሩ ሰው፤ ቤት ሲገቡም ድምፃቸውን ዝቅ ማድረግ አይችሉበትም። ልጆቻቸውን ይወዳሉ። ፍቅርን በአፍ እንዴት እንደሚናገሩት ግን ማንም አላስተማራቸውም። እንዲህ ያሉ አባቶች አታውቁም? እዚህ መካከላችን የሉም?

አንተነህ ኮሌጅ ገባ። ገባ እንጂ አልተማረም። ጠዋት ደብተሩን ይዞ ይወጣል፤ አባቱ ሥራ መሄዳቸውን ሲያይ ዞሮ ይመለሳል። ሳሎን ካለው ኮምፒዩተር ፊት ይቀመጣል። ከተማውን ይሠራል። ረድኤት ያኔ የስምንተኛ ክፍል ተማሪ ናት። አየች። ፈራችለት። ለአባቷ ነገረች። ክፋት አስባ አልነበረም፤ ወንድሟ ሲወድቅ ማየት ስላልቻለች ነው።

የፈተና ውጤቱ ሲመጣ አቶ ይመር ደጃፍ ላይ ቆሙ። ጎረቤቱ ሁሉ ይሰማል። «ከዛሬ ጀምሮ ወንድ ልጅ የለኝም!» አሉ።

በቃ፣ ይህችኑ አሉ። ተናግረውት ጨርሰው ራሳቸውም የደነገጡ ይመስለኛል። ግን ቃል ከአፍ ከወጣ ማን ይመልሰዋል?

አንተነህ ወደ ቤት ገባ። ከተማውን ወደ ፍላሽ ገለበጠ። በሕይወቱ ጀምሮ ያልተወው ነገር ያ ብቻ ነበርና ጥሎት መሄድ አልቻለም። ልብሱን በሻንጣ ከተተ። በሩ ላይ እህቱን «እንግዲህ ደስ ይበልሽ» አላት። ወጣ። ሎጊያ ወረደ።

ሎጊያን የምታውቁ ታውቁታላችሁ፤ የጅቡቲ መስመር ነው። ከባድ መኪና ያድርበታል፣ ሙቀቱ ግድግዳውን እንኳ በላብ ያጠምቃል። አንድ የመለዋወጫ መደብር ተቀጠረ። ጎበዝ ሠራተኛ ሆነ። ውሎ አድሮ አሮጌ ላፕቶፕ ገዛ። እሑድ እሑድ ፍላሿን ይሰካና ከተማውን ይከፍታል።

ይሠራበታል? አይሠራበትም። አንድ መንገድ አይጨምርም። አንድ ቤት አይተክልም። ዝም ብሎ ያየዋል። ያቺን ቀን ያስታውሳል፤ ደጃፉን፣ ጎረቤቶቹን፣ ያቺን ቃል። ይዘጋዋል። በሚቀጥለው እሑድ ደግሞ ይከፍተዋል።

ረድኤት ትደውላለች። ለበዓል ትደውላለች፣ ሳይሆንም ትደውላለች። «አባዬ አጠገቤ ነው፤ ላገናኝህ?» ትለዋለች።

«እሱ ወንድ ልጅ የለውም» ይላታል። ይዘጋዋል።

ስንት ጊዜ? እሷም አልቆጠረችውም፣ እሱም አልቆጠረውም። ስድስት ዓመት ሙሉ እንዲህ ሆነ።

ታዲያ አንድ ቀን ደወለችና ላገናኝህ አላለችም። እያለቀሰች ነበር። «አባዬ አንጀቱ ላይ እጢ ተገኝቶበት ነገ ከሰዓት ኦፕራሲዮን ሊያደርጉት ነው። ሐኪሙ ‹ዘመድ ካለ ጥሩ› ብሎኛል። ከፈለግክ ና፤ ካልፈለግክም...» አለችና ድምፅዋ ተቋረጠ።

መጣ። በሚሌ፣ በባቲ፣ በኮምቦልቻ አድርጎ፣ ሚኒባስ ውስጥ ተጣብቆ መጣ። ለምን እንደመጣ ግን ልንገራችሁ? ሊታረቅ አልነበረም። አባቱ ከመሞታቸው በፊት «በድዬሃለሁ» ሲሉ ሊሰማ ነው የመጣው። መንገዱን ሁሉ ያችን ቃል ሲጠብቅ ነበር። ይህ እንግዳ ነገር ነው? እኛስ የታመመ ልንጠይቅ ስንሄድ፣ ከብርቱካኑ ጋር ሒሳባችንን ይዘን የሄድንበት ቀን የለም?

ሆስፒታል የደረሰው በመጠየቂያ ሰዓት ነው። ረድኤት መድኃኒት ፍለጋ ወጥታለች። አባቱ ብቻቸውን ተኝተዋል። ያ ግሬደር የሚያስቆም ድምፅ የለም። በአፍንጫቸው ቱቦ ገብቷል፤ ከንፈራቸው ደርቋል።

«አንተነህ ነህ?»

«ነኝ።»

አዩት። እሱም ጠበቀ። አሁን ይሉታል፤ አሁን ያቺ ቃል ትወጣለች ብሎ ጠበቀ።

«ቤት ሂድ» አሉት። ትንፋሽ ወሰዱ። «ኮምፒዩተሩን ክፈትና... ከተማውን እየው። ነገ ሳልገባ... ያየኸውን ንገረኝ።»

ይህን ብለው ዓይናቸውን ጨፈኑ፤ ደክሟቸዋል።

አንተነህ ወደ በሩ ዞረ። ከተማውን? ከቤት ያባረሩት በዚያ ከተማ ምክንያት አይደል? ሞት አፋፍ ላይ ሆነው እንኳ ያንኑ ይጠቅሱበታል? ሽሙጥ መሰለው። ስድስት ዓመት ጠብቆ፣ ይህን ሁሉ መንገድ መጥቶ፣ ያገኘው ሽሙጥ!

ኮሪደሩ ላይ ከረድኤት ጋር ተገናኙ። ልታቅፈው እጇን ዘረጋች፤ እሱ «ቁልፍ ስጪኝ፤ ቤት ልሂድ» አላት።

«አባዬ ምን አለህ?»

«ኮምፒዩተሩን ክፈት አለኝ።»

ፊቷ በራ። ወዲያው ደግሞ ፈራች። «አንተነህ፣ እኔ እስክመጣ ምንም እንዳትነካ፤ እሺ? ይህን መድኃኒት ላድርስና እመጣለሁ። እኔው ነኝ የማሳይህ። እባክህ።»

ፊቱን ልታይ ፈልጋ ነው። ያንን ነገር ሲያየው አጠገቡ ልትሆን። እሱ ግን ትእዛዝ ሰማ።

«ዛሬም ዘበኛዬ ነሽ?» አላት። ቁልፉን ተቀብሎ ሄደ።

ቤቱ ያው ነው። ሳሎኑ ያው ነው። ኮምፒዩተሩም ያው፤ ዳንቴል ለብሶ ተቀምጧል። ከፈተው። ጌሙ አለ። ሴቭ የተደረገው ፋይል የሚቀመጥበትን ፎልደር ከፈተ። ከተማውም እሱ በሰጠው ስም እዚያው አለ። ቀኑን ሲያይ ግን ያለፈው ሳምንት ቀን ነው።

ነክተውታል! እሱ በስደት ሳለ በከተማው ሲጫወቱበት ኖረዋል። እሱ በዚያ ምክንያት ተባረረ፤ እነሱ ይዝናኑበታል። ፍላሿን ከቁልፍ መያዣው ፈታና ሰካት። ያንን ከተማ፣ የእሱን፣ ያቺን ቀን እንደነበረ፣ መልሶ ሊተክለው ነው። ገለበጠ። ሊለጥፈው ሲል ኮምፒዩተሩ አቆመው።

«በዚህ ስም የተቀመጠ ሌላ ፋይል አለ። ይተካ?» አለው።

አያችሁ ወገኖቼ? ማሽኑ ይጠይቃል! ሕይወት የሌለው ማሽን «ቆይ፣ እዚህ ሌላ ነገር አለ፤ እርግጠኛ ነህ?» ይላል። እዚያ ያለው ፋይል በመጠን ምን ያህል እንደሚበልጥ፣ የትኛው አሮጌ የትኛው የቅርብ እንደሆነ ፊቱ ላይ ጽፎ አሳየው። አንድ ደቂቃ ከፍቶ ቢያየው ምን ነበረበት? ሌላ ስም ሰጥቶ ጎን ለጎን ቢያስቀምጣቸው ምን ነበረበት?

«አዎ» የሚለውን ተጫነ።

አፍታም አልወሰደበትም። ጌሙን ከፈተ። ወንዙ አለ። ያላለቀው ድልድይ አለ። ከወንዙ ማዶ ያለው ባዶ መሬት አለ። ያቺን ቀን እንዳቆመው፣ ልክ እንደዚያው። ወንበሩ ላይ ተደገፈ። ከስድስት ዓመት በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ ያሸነፈ መሰለው።

በሩ ተከፈተ። ረድኤት ናት። እየሮጠች መጥታ ታለከልካለች። ስክሪኑን አየች።

«የአባዬ ሰፈር የታለ?»

«የምን ሰፈር?»

«ከወንዙ ማዶ!» ድምፅዋ ተለወጠ። «አንተነህ፣ ድልድዩን ጨርሶት ነበርኮ። ማዶውን ሁሉ ሠርቶት ነበር። ምን አደረግክ?»

ፍላሿን አየች፤ ገባት። ወለሉ ላይ ተቀመጠች። እንዲህ ብላ ነገረችው።

«አንተ ከሄድክ በኋላ አንድ ዓመት ሙሉ ሳሎን አልገባም። ቀጥታ መኝታ ቤቱ ነው የሚሄደው። አንድ ቀን ግን መጥቶ እዚህ ተቀመጠ። ‹ያ ልጅ ምን ነበር የሚያየው? እስቲ ክፈቺልኝ› አለኝ። ከፈትኩለት። ድልድዩን አየ። ‹ይህን ለምን አልጨረሰውም?› አለኝ። ‹አስወጣኸዋ› አልኩት።

«ከዚያ ተማረ። ማውሱን መያዝ አቅቶት ስንት ቀን ተጣላን! ውኃ መውረጃ የሌለው መንገድ መንገድ አይደለም እያለ ከጌሙ ጋር ይከራከራል። ድልድዩን ጨረሰው። ከዚያ ማዶውን ጀመረ። ትምህርት ቤት ሠራ። ጤና ጣቢያ ሠራ። የሰፈሩን ስም ራሱ ነው የጻፈው፤ በአንድ ጣቱ፣ በእንግሊዝኛ ፊደል፣ ፊደሉን ከኪቦርዱ ላይ እየፈለገ። ‹የአንተነህ ሰፈር› ነው ያለው። በመጨረሻ ደግሞ መናኸሪያ ሠራ። ‹የምን መናኸሪያ ነው?› ስለው ምን እንዳለኝ ታውቃለህ? ‹ሲመጣ የሚወርድበት› አለኝ። ላገናኝህ ስልህ አላናግረውም ትላለህ። ታዲያ ሌላ የት ይንገርህ?»

ወገኖቼ፣ ሰው መሬት ተከፍቶ ቢውጠው የሚመርጥበት ሰዓት አለ።

«ሌላ ቦታ አልገለበጥሽውም?» አላት።

«ነገ ዛሬ ስል ታመመ» አለች። «ኮምፒዩተሩ እዚህ ነው፤ ማን ይነካዋል ብዬ። ቤት ውስጥ ያለነው እሱና እኔ ነን።»

ነገ ዛሬ ስንል! በዚህች ቃል ስንት ነገር ጠፍቷል?

በማግስቱ ጠዋት ሲፒዩውን ተሸክመው ወደ ፒያሳ ወረዱ። ሙሄ የሚባል የኮምፒዩተር ጠጋኝ አለ፤ የረድኤት የትምህርት ቤት ጓደኛ ነው። ነገሩት። ሙሄ ራሱን ነቀነቀ።

«ተሰርዞ ቢሆን ኖሮ አብሽሩ እላችሁ ነበር» አላቸው። «የተሰረዘ ነገር ብዙ ጊዜ እዚያው ነው፤ ፈልጌ አወጣዋለሁ። እናንተ ግን በላዩ ጻፋችሁበት። በላዩ የተጻፈበት ከባድ ነው። ልሞክር፤ ተስፋ ግን አልሰጣችሁም፣ ወላሂ።»

መፈለጊያውን አስጀመረው። ስክሪኑ ላይ አንዲት መስመር ቀስ እያለች ትሞላለች። የሞላች ሲመስል ትቆማለች። ሦስቱም ያቺን መስመር ያያሉ። የረድኤት ስልክ ጮኸ። ነርሷ ናት።

«ሰዓቱን አስቀድመውታል፤ አሁን ሊያስገቧቸው ነው። አባታችሁ ልጄ የታለ እያሉ ነው። ቶሎ ድረሱ።»

«ሙሄ!» አለች ረድኤት።

«ቆይ፤ አንድ ነገር አግኝቷል፤ ቆይ...»

አንድ ፋይል ወጣ። ስሙ ያው ነው። ሙሄ ቶሎ ብሎ ወደ ጌሙ ፎልደር ወሰደው። ጌሙን ከፈቱ። ፋይሉን መረጡ። አንተነህ ሁለት እጁን ጠረጴዛው ላይ ተክሎ አፉ ውስጥ ይጸልያል። ጸሎት ከተወ ስንት ጊዜው ነው!

ስክሪኑ ጠቆረ። ቆየ። ከዚያ አንድ ጽሑፍ መጣ። ፋይሉ ተበላሽቷል፤ ሊከፈት አይችልም።

ሙሄ ወንበሩን ወደ ኋላ ገፋ። «የለም» አለ ቀስ ብሎ። «ሂዱ፤ አባታችሁ ጋ ሂዱ።»

ባጃጅ ያዙ። ዳገቱን ሲወጡ ረድኤት ስልኳን አውጥታ አንድ ፎቶ አሳየችው። አቶ ይመር በመነጽር፣ ወደ ኮምፒዩተሩ አጎንብሰው። የከተማውን እኩሌታ ትከሻቸው ሸፍኖታል። በቀረው በኩል መናኸሪያው ይታያል፤ ጥቂት ጣሪያዎችም።

«እየው» አለችው። «በደንብ እየው። ሲጠይቅህ አየሁት በለው። ድልድዩ ያምራል በለው። መናኸሪያውን ወደድኩት በለው። ሊቀደድ ነው አንተነህ፣ ይነሳ አይነሳ አናውቅም። አሁን እንዳታስደነግጠው። በኋላ እንነግረዋለን።»

እስቲ ልጠይቃችሁ። እናንተ ብትሆኑ ምን ትላላችሁ? ቸኩላችሁ አትመልሱልኝ። አባት አልጋ ላይ ነው። ያለችው አንዲት ጥያቄ ናት። ልጅቷ የምትለው ከፍቅር ነው። ውሸቱም ትንሽ ናት። ምን ትላላችሁ?

ሲደርሱ አልጋው እየተገፋ ኮሪደሩ ላይ ነው። ነርሷ «ፈጠን በሉ፣ ዶክተሩ እየጠበቀ ነው» አለች። አንተነህ የአልጋውን ብረት ያዘ። አቶ ይመር ዓይናቸውን ገለጡ።

«አየኸው?»

ረድኤት ከኋላ ክንዱን ጨበጠችው። በል፣ በለው እያለችው ነው። አፉን ከፈተ። ፎቶው በዓይኑ ላይ አለ፤ መናኸሪያው፣ ጣሪያዎቹ። ለመናገር ቀላል ነበር።

«አላየሁትም አባዬ» አለ።

ነርሷ መግፋቱን አቆመች።

«ሳላየው አጠፋሁት። የድሮውን ከኪሴ አውጥቼ በላዩ ላይ መለስኩበት። ድልድዩንም፣ ሰፈሩንም፣ መናኸሪያውንም። እልህ ይዞኝ ነው። አንተ ምን እንደሠራህ ሳልጠይቅ...» ከዚህ በላይ አልቻለም። ግንባሩን በአልጋው ብረት ላይ ደፋ።

የሽማግሌው ደረት ከፍ ዝቅ ሲል ይታያል። ረድኤት ገደለው፣ አባቴን ገደለው ብላ አሰበች።

ከዚያ እጃቸው መጣ። መርፌ የተሰካበት እጃቸው፣ ቀስ ብሎ፣ የልጁ ራስ ላይ አረፈ።

«ያን ቀን... ደጃፉ ላይ» አሉ አቶ ይመር፣ ቃሉን እየቆራረጡ፣ «እኔም አላየሁህም ነበር። ተናደድኩ እንጂ... አላየሁህም። በድዬሃለሁ ልጄ።»

ያ የጠበቀው ቃል መጣ። ግን ወገኖቼ፣ ሲመጣ ልጁ የሚያስበው ስለዚያ ቃል አልነበረም። «ይቅር በለኝ» ነበር የሚለው፤ እሱ ነበር የሚለምነው።

አቶ ይመር ትንሽ ቆይተው ጠየቁ። «መሬቱስ አለ?»

«አለ።»

«ወንዙስ?»

«ወንዙም አለ አባዬ። ድልድዩ እንደ ጀመርኩት ቀርቷል።»

«አብሽር» አሉት። ከንፈራቸው ፈገግ የሚል መሰለ። «ከወጣሁ አብረን እንጨርሰዋለን። ውኃ መውረጃውን... እኔ አሳይሃለሁ።»

ነርሷ አልጋውን ገፋች። በሩ ተዘጋ።

ወንድምና እህት ደረቁ ወንበር ላይ ተቀመጡ። ሰዓቱ አይሄድም። በሩ በተከፈተ ቁጥር ይነሳሉ፤ ሌላ ሰው ነው፤ ይቀመጣሉ። አንድ ጊዜ አንዲት ሴት እያለቀሰች ወጣች፤ ያለቀሰችለት ሰው የእነሱ አልነበረም፤ ግን ሁለቱም ተነሥተው ደገፏት። አንተነህ «ረዱ» አላት እህቱን፤ በልጅነቷ ሲጠራት እንዲያ ነበር። «ያኔ ለአባዬ የነገርሽው ፈርተሽልኝ ነበር፣ አይደል?» አላት። ራሷን ነቀነቀች። ስድስት ዓመት በውስጧ የተቀመጠው እንባ ያኔ ነው የወጣው።

ሐኪሙ ወጣ። ላብ በላብ ሆኗል። «ተርፈዋል» አለ።

አቶ ይመር ተነሡ። ቀስ ብለው፣ በምርኩዝ፣ ከስተው፣ ግን ተነሡ። አንተነህ ከሎጊያ ጓዙን ጠቅልሎ መጣ። አባትና ልጅ ሳሎን ውስጥ ጎን ለጎን ይቀመጣሉ፤ ይጨቃጨቃሉ፤ ድልድዩን ጨረሱ፤ ማዶውን ጀመሩ። ያቺ ፍላሽ ተጣለች ብላችሁ ይሆናል። አልተጣለችም። አሁን የሚገለበጥባት የዛሬው ሥራ ነው። የገለበጡትን ደግሞ ከፍተው ሳያዩ አይነሡም።

ታዲያ አንድ ነገር አልደብቃችሁም። አዲሱ ሰፈር እንደ ፊተኛው አልሆነም። አቶ ይመር ራሳቸው «የበፊቱ ይበልጥ ነበር» ይላሉ፤ ልጃቸው እየሰማ ይላሉ። እሱም ይሰማል፤ አንገቱን ይደፋል። የጠፋው ጠፍቷል። ይቅርታ ያለፈውን ሁሉ ይመልሳል ብዬ ብሰብካችሁ እዋሻችኋለሁ። ይቅርታ የሚሰጠን መሬቱን ነው። ቤቱን እንደገና መሥራት የእኛ ነው፤ ያደክማል።

እንግዲህ ወደ እናንተ ልምጣ።

ጌም የማታውቁ እናቶች፣ ፍላሽ ይዛችሁ የማታውቁ አባቶች፣ ኪሳችሁን ዳብሱ። ምን አለበት?

የባልሽ አሮጌ ቅጂ የለም? ልጅሽን ወልደሽ የተኛሽ ጊዜ ሳይጠይቅሽ የቀረበት፣ ያ ወር? ከዚያ ወዲህ ስንት ነገር ሆኗል! ሰውየው ተለውጧል፣ ደክሟል፣ በዝምታው ስንት ሠርቷል። አንቺ ግን በተጣላችሁ ቁጥር ያንን ወር ከኪስሽ አውጥተሽ በላዩ ትመልሺበታለሽ። «አንተ እኮ ያኔም...» ትያለሽ። በዚያች ቃል የስንት ዓመት ሰፈር ፈረሰ?

በውርስ ቤት የተጣላችሁ ወንድማማቾች የላችሁም? ወንድማችሁ በፍርድ ቤት ደጅ የተናገረውን ቃል እስከ ኮማው የምታስታውሱ? እንግዲህ ከዚያ በኋላ ያለውን ንገሩኝ። ምን ሠራ? ማንን ቀበረ? በምን ሌሊት ስማችሁን ጠርቶ አለቀሰ? አታውቁትም። ቅጂያችሁ ያቺ ቀን ላይ ቆሟል። ሰውየው ግን አልቆመም።

እናንተ ወጣቶች፣ አባታችሁ በተናገሯችሁ አንድ ቃል ዓመታት ስልክ የማታነሡ፤ ስልኩ ሲጠራ የምታዩት የማንን ፊት ነው? የዛሬውን? ወይስ የዚያን ቀኑን?

በማንኛችንም ላይ እግዚአብሔር የድሮ ቅጂያችንን አውጥቶ ቢመልስብን፣ «ያቺን ቀን የነበርከው ይህ ነው» ቢለን፣ ከመካከላችን ዛሬ እዚህ ወንበር ላይ የሚቀመጥ ማን ነው? እኔ አልቀመጥም፤ እዚህ መድረክ ላይማ አልቆምም። እሱ ግን በየማለዳው የዛሬ እኛነታችንን ከፍቶ ያየናል። ዛሬ ምን ጀመርክ ይለናል። ያላለቀ ድልድያችንን አይቶ አልሳቀብንም።

ኮምፒዩተሩ ይጠይቃል አልኳችሁ። ልባችሁም ይጠይቃችኋል። ልትናገሩ ስትሉ፣ ያቺን አሮጌ ነገር ልታወጡ ስትሉ፣ አንዲት ትንሽ ድምፅ «ይተካ?» ትላለች። ሰምታችኋታል። ሁላችንም ሰምተናታል። ቸኩለን አዎ ስለምንል ነው እንጂ።

ዛሬ ከዚህ ስትወጡ አንድ የምትደውሉለት ሰው አለ። ስሙ አሁን በልባችሁ መጣ፤ አውቃለሁ፤ አንዳንዶቻችሁ ዓይናችሁን ከእኔ አሽሽታችኋል። ደውሉለት። ስልኩን ሲያነሣ ግን «ያን ቀን ያደረግከኝን ታስታውሳለህ?» ብላችሁ አትጀምሩ። ዝም በሉና ትንፋሹን ስሙ። ከዚያም «ስንት ጊዜ ሳንገናኝ ቀረን! በል እስቲ፣ ምን ስትሠራ ነበር? አሳየኝ» በሉት።